እስከ ሙት ዓመቷ የተቀመጠው ክር

ብቻዬን ስዘፍን ድምፄ አያምርም። አስቀያሚ ነው ማለቴ አይደለም። ልክ ነው፣ ቃና አይስትም፣ ግን አጠገቡ ሌላ ድምፅ ከሌለ ሰው ሰምቶት ወዲያው ይረሳዋል። ይህን ከማንም በፊት የማውቀው እኔ ራሴ ነበርኩ፤ እያወቅሁ ግን አልቀበልም አልኩ። ሐረር ውስጥ አንዲት እናት የልጃቸውን ድምፅ ያጡት በዚህ በእኔ እልኸኝነት ነው። ዙሪያ ጥምጥም ሳልሄድ ከመጀመሪያው የተናገርኩት፣ ኋላ ስለ ክራሩና ስለ ሳቃችን ሳወራ «ምን ያለች ደግ ልጅ ነበረች» እንዳትሉኝ ብዬ ነው።

ጊዜው የጃንሆይ ዘመን ነው። እኔና ጓደኛዬ ሁለታችንም ከጀጎል ግንብ ውጭ ባለ አንድ ትምህርት ቤት እናስተምር ነበር፤ እሷ ፊደል፣ እኔ ሒሳብ። አያቶቻችን ከሸዋ ከሠራዊቱ ጋር መጥተው እዚያው የቀሩ ናቸው፤ እኛ ሐረር ተወለድን፣ ሐረር አደግን። የእኛ ቤት አቦከር ሰፈር ነበር። እሷ ግን ከእናቷ ጋር ጀጎል ውስጥ፣ አንዲት የሐረሪ ባልቴት ግቢ ተከራይታ ነው የምትኖረው። አባቷ ወታደር ነበሩ፤ እሷ ገና ዳዴ ስትል ሞቱ። እናቷ ከዚያ ወዲያ አላገቡም፣ ሌላም ልጅ የላቸውም። ዓይናቸው እሷ ነበረች።

እኔ ክራር እመታለሁ። እሷ ደግሞ ጊታር ነበራት፤ አንድ የውጭ አገር አስተማሪ ወደ አገሩ ሲመለስ ትቶላት የሄደው ነው። አንዱ ጅማቱ ተበጥሶ ነበር፣ በብስክሌት ፍሬን ሽቦ ተካችው። ያቺ ሽቦ ስትመታ ትንሽ ትጮኻለች፣ እኛ ግን ለመድናት፤ እንዲያውም ሌላ ጅማት ከድሬዳዋ ተገኝቶ ስትቀየር ሁለታችንም ቅር አለን። ሁለት ሴቶች፣ ክራርና ጊታር፣ ከበሮ የለ፣ ማሲንቆ የለ። በወላጆች ቀን አንድ ጊዜ ተጫወትንና ከተማው ሁሉ «ሁለቱ አስተማሪዎች» ይለን ጀመር።

እናቷ መጀመሪያ አልወደዱትም። «ክራር የሰይጣን መሣሪያ ነው፤ አዝማሪ ልትሆኑ ነው ያስተማርናችሁ?» ይሉ ነበር። ይህን እያሉ ግን ስንለማመድ ከበሩ አጠገብ ምስር ይዘው ይቀመጣሉ። ልጃቸው ድምፅ ስታወጣ ምስር የሚለቅመው እጃቸው ይቆማል። ዘፈኑ ሲያልቅ እጃቸው እንደገና ይጀምራል። እኔ አያለሁ፣ እሷም ታያለች፣ ማናችንም አንናገርም።

የእኔ ድምፅ ሲጀምር ግን እጃቸው አይቆምም ነበር። ይህንንም አያለሁ።

ግጥሙን የምታወጣው እሷ ናት። ከድሬ ጠያራ አትክልት ተሸክመው ከሚመጡ ሴቶች ጋር በኦሮምኛ ስትጨዋወት ትውልና፣ ማታ የሰማችውን በአማርኛ ገልብጣ ታመጣዋለች። ከሁሉ ይልቅ ሰው የወደደላት አንዲት የኤረር በር ዘፈን ነበረች፤

ኤረር በር ቆሜ ሰው እጠብቃለሁ፣
ሲመሽ በሩ ሳይሆን እኔ እዘጋለሁ።

ይህችን ስትል ድምፅዋን ከፍ አታደርግም። ዝቅ አድርጋ፣ ከሰው ጋር እንደምታወራ ነው የምትላት። እኔ ከሥር እከተላለሁ። አብረን ስንሆን የእኔም ድምፅ ያምር ነበር፤ እውነቴን ነው።

ቴፑን ያመጣው ታላቅ ወንድሜ ነው። የጭነት መኪና ሾፌር ነበርና ከድሬዳዋ ምን የማያመጣው ነገር አለ። አንድ ቀን ሻንጣ የሚያህል መቅረጫ ተሸክሞ መጣ፤ በመብራትም በባትሪ ድንጋይም ይሠራል። ችግሩ አብሮት የመጣው ክር አንድ ጥቅል ብቻ ነበር። ሌላ ክር በሐረር ሱቅ አይገኝም፣ ድሬዳዋም ሲመጣ ያልቃል። ወንድሜ አጠቃቀሙን አሳየን፤ ክሩ ሁለት ፊት አለው። ከግራው መንኮራኩር ወደ ቀኙ እየሄደ አንዱ ፊት ይቀዳል። ሲያልቅ የሞላውን መንኮራኩር ገልብጠህ ወደ ግራ ትመልሰዋለህ፣ ሁለተኛው ፊት ይቀዳል። ባዶ ባልሆነ ፊት ላይ ከቀዳህ የድሮው ይጠፋል፤ አዲሱ ብቻ ይቀራል። ይህን ሁለት ጊዜ ነው የነገረኝ።

የቀዳነው በባልቴቷ ቤት ነው። የሐረሪ ቤት ግድግዳው ወፍራም ነው፣ ወለሉ ደረጃ በደረጃ ነው፣ ምንጣፉ ብዙ ነው፤ ድምፅ አያስተጋባም። የመረጥነውም ሰዓት ከምሳ በኋላ፣ ወንዱ ሁሉ ጫቱን ይዞ በርጫ ላይ ቁጭ ሲል ነው። ያን ሰዓት ጀጎል ጭጭ ይላል፤ አህያ እንኳ በመንገዱ አያልፍም። ባልቴቷ «ከአስር ሶላት በፊት፣ አዛን ሳይል ጨርሱ» አሉን። እናቷ በር ላይ ተቀመጡ፣ ዛሬ ምስርም አልያዙ።

ስድስት ዘፈን ቀዳን። ስድስተኛዋ የኤረር በሯ ነበረች። የመጨረሻዋን ስንኝ ስትጨርስ፣ ጊታሩ ገና ሳይቆም፣ ከመስጊዱ ሙአዚኑ አዛን ማለት ጀመሩ። ሁለታችንም ተያየን። እሷ ሳቋ መጣና «እሳቸውም ገቡልን፤ በይ ዝጊው» አለችኝ። ዘጋሁት። ባልቴቷ አዛኑ መግባቱን ሲሰሙ ደስ አላቸው፤ «በረካ ነው» አሉ። አንዱ ፊት በዚሁ ሞላ። ሁለተኛውን ፊት ሌላ ዘፈን ስናወጣ እንቀዳበታለን ብለን፣ መንኮራኩሩን ገልብጠን ዝግጁ አድርገን ካርቶኑ ውስጥ አስቀመጥነው።

በዚያው ክረምት ተስቦ ያዛት። ዘጠኝ ቀን ተኛች፣ በዘጠነኛው ቀን ሞተች። ስለዚያ ብዙ አልናገርም። ሃያ ስድስት ዓመቷ ነበር።

እናቷ ጸጉራቸውን ተላጩ፣ ጥቁር ለበሱ፣ አልጋ ትተው መሬት ተኙ። ሬዲዮናቸውን ጥቁር ጨርቅ አለበሱት። የሰፈሩም ሬዲዮ ዝም አለ፤ የባልቴቷ ቤት ሳይቀር። በሣልስቱ ዕለት ወንድሜ፣ ወንድ መቼም የሐዘን ወግ አያውቅም፣ ቴፑን ተሸክሞ ከተፍ አለ። ጠዋት ቤት ክሩን አስተካክሎ መጥቷል። «እማማ፣ ድምጿ እኮ እዚህ ውስጥ አለ፤ ላሰማዎት» አላቸው። ድንኳኑ ውስጥ ያሉት ሴቶች ደነገጡ። አንዲት ትልቅ ሴትዮ «አፈሯ ሳይደርቅ ዘፈን? ጎረቤት ምን ይላል? እስላሙ እንኳ በሐዘናችን ሬዲዮኑን ዘግቷል» ብለው ገሠጹት። ወንድሜ አፈረ።

እናቷ ግን ቴፑን ብዙ አዩት። ዓይናቸው አብጦ ነበር።

«እውነት ድምጿ ውስጡ አለ?» አሉኝ እኔን።

«አለ እማማ። ስድስት ዘፈን።»

እጃቸውን ወደ ቴፑ ዘረጉና መልሰው ሰበሰቡት። ሴቶቹን አዩ። «ይቀመጥልኝ እንግዲህ» አሉ። «ለሙት ዓመቷ ጥቁሬን ሳወልቅ እሰማታለሁ። አንቺ ጋ ይሁን፣ ከአንቺ ሌላ ማንንም አላምንም።»

ከዚያ ቀን በኋላ በየሳምንቱ ልጠይቃቸው እሄዳለሁ። ገና ሳልቀመጥ «ደህና ናት?» ይሉኛል። ክሩን ማለታቸው ነው። «ደህና ናት እማማ፣ ሳጥኔ ውስጥ ናት» እላለሁ። ፊታቸው ትንሽ ፈታ ይላል። ከልጃቸው የቀራቸው አንድ የመታወቂያ ፎቶግራፍና ያ ክር ነበር፤ ፎቶግራፉ ደግሞ ማንንም አይመስልም።

ሰባተኛው ወር ላይ ለሬዲዮ ዘፈን የሚሰበስብ ሰው ከአዲስ አበባ መጣ። ዲሬክተራችን አገናኙን። ሰውየው «ሁለት ናችሁ ብለውኝ ነበር» አለኝ።

«አንዷ ሞታለች።»

«ነፍስ ይማር። አንቺስ ብቻሽን ትዘፍኛለሽ?»

እዚህ ላይ ነበር አይ ማለት። «እዘፍናለሁ» አልኩ። የእሱ መቅረጫ ድሬዳዋ ከጓዙ ጋር ቀርቷል፤ ዓርብ ሊሄድ ነው። «የተቀዳ ካለሽ እስከዚያ አምጪልኝና ልስማው» አለ። ስንለያይ ደስ ብሎኝ ነበር። ሰባት ወር ሙሉ ስለ እሷ ድምፅ ስሰማ ኖሬአለሁ፤ ገበያ ስወጣ፣ ትምህርት ቤት ስገባ፣ «ወይኔ ያ ድምፅ» ነው። ጓደኛዬን እወዳት ነበር፣ አልቅሼላታለሁ። ግን አንድም ሰው «አንቺስ?» ብሎኝ አያውቅም ነበር። ቅናት በሙት ላይ ይኖራል? ይኖራል። እኔ ላይ ነበረ።

ክር የለኝም። ያለኝ ያው አንዱ ነው። አንደኛው ፊቱ ደግሞ ባዶ ነው፤ ታዲያ ምን ነውር አለው አልኩ። ለእሷ አንዱ ፊት፣ ለእኔ አንዱ ፊት። ሐሙስ ከሰዓት፣ ቤተሰቡ ሁሉ ለቅሶ ሄዶ ሳለ፣ መስኮቱን ዘግቼ ክራሬን አወጣሁ። ያንን መዝጋቴ ራሱ ይፍረድብኝ። ጥቁር ነጠላዬን በአርባዋ አውልቄአለሁ፣ እህቷም አይደለሁ፣ ወግ አይከለክለኝም። ግን እናቷ ቢሰሙ ምን እላቸዋለሁ?

መንኮራኩሩን ከካርቶኑ አውጥቼ ቴፑ ላይ ሳደርግ፣ ባዶው ፊት የትኛው እንደሆነ ለማወቅ አንድ ደቂቃ ማሰማት ብቻ ነበር የሚያስፈልገኝ። ማጫወቻውን ልጫነው ብዬ ጣቴን አደረግሁበትና አነሣሁት። «ሙት ዓመቷ ሳይደርስ፣ እናቷ ሳይሰሟት እኔ ልሰማት?» አልኩ። ድምፁን እስከ መጨረሻው ዝቅ አደረግሁ፣ በስሕተት እንኳ ጆሮዬ እንዳይገባ። ገልብጠን ዝግጁ አድርገን ነው ያስቀመጥነው፣ ስለዚህ ከላይ ያለው ሁለተኛው ነው ብዬ መቅጃውን ተጫንኩ።

ወግ አክባሪ መሆኔ ነው እንግዲህ። የእሷን ድምፅ መስማት በሐዘን ነውር ነው፣ የራሴን መቅዳት ግን ነውር አይደለም። ለብዙ ዓመት ለራሴ የነገርኩት ይኸንን ነው፤ ለሐዘኑ ክብር ብዬ ነው ያልሰማሁት እያልኩ። ውሸት ነው። ያልሰማሁት እሷን ሰምቼ ከዚያ በኋላ መዝፈን ስለማልችል ነው። አንድ ስንኝ ብሰማ ክራሬን አስቀምጬ እተወው ነበር። ያንን አውቅ ነበር።

ያላወቅሁት ደግሞ አንድ ነገር አለ። ወንድሜ በሣልስቱ ጠዋት፣ እናቷን ለማሰማት ብሎ፣ ክሩን ወደ መጀመሪያው ፊት መልሶት ነበር።

ስድስቱንም ዘፈኖች ብቻዬን ዘፈንኩ።

ዓርብ ጠዋት ቴፑን ይዤ ሰውየው ወዳረፈበት ሆቴል ሄድኩ። አዳራሹ ውስጥ ጠረጴዛ ላይ አስቀምጬ ከፈትኩለት። የራሴ ድምፅ ወጣ። ሰውየው ጨዋ ነበር፤ ራሱን ይነቀንቃል፣ ሻዩን ያማስላል። በሁለተኛው ዘፈን መስኮት ያይ ጀመር። በአራተኛው ሰዓቱን አየ። ብቻዬን ስሆን እቸኩላለሁ መሰለኝ፣ ስድስቱም ቶሎ አለቁ። «ጥሩ ነው፣ እንግዲህ እንጽፍልሻለን» እያለ ሊነሣ ሲል፣ ቴፑ ጥቂት ዝም አለና፣

«...እኔ እዘጋለሁ» አለ።

እሷ ናት። ጊታሩ ሁለት ጊዜ ተመታ፣ አዛኑ ተነሣ፣ ሳቀች፤ «እሳቸውም ገቡልን፤ በይ ዝጊው።» ከዚያ ፀጥ።

ሰውየው ተመልሶ ተቀመጠ። «ይህቺ ማን ናት?» አለኝ። ሰውነቱ ሁሉ ወደ ቴፑ ዞሯል።

መንኮራኩሩን ገለበጥኩና ሌላውን ፊት ከፈትኩት። የክሩ ሽውታ ብቻ ነው። ወደ ፊት አሳለፍኩት፣ እንደገና ሽውታ። ባዶ ነው። እስከ ጫፉ ባዶ ነው።

«ይህቺ ማን ናት ስልሽ፤ ሌላ የተቀዳ የላትም?»

«የሞተችው ናት» አልኩት። «የላትም።»

የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች ይባላል። እኔ የጣልኩት የሰው ብብት ውስጥ ያለውን ነው።

ቤት ስደርስ ለወንድሜ ነገርኩት። ራሱን ይዞ ተቀመጠ፤ መጀመሪያ የወቀሰው ራሱን ነው፣ መልሼዋለሁ ብዬ ብነግርሽ ኖሮ እያለ። ኋላ «ዛሬውኑ ሄደሽ ንገሪያቸው። የቀረችውንም አሰሚያቸው፤ ትንሽ ናት፣ ግን ናት» አለኝ። እሺ አልኩ። ልክ ነበር እኮ። ከክሩ ጫፍ ላይ ስንኟና ሳቋ አለ። ለእናት ያ ትንሽ ነው? ሰው ለዚያ ከሐረር ባቢሌ በእግሩ ይሄዳል። ግን እሱን ካሰማሁ «ሌላውስ?» ይሉኛል። «ከፊቱ ያለው ምንድን ነው?» ይሉኛል። ከፊቱ ያለሁት እኔ ነኝ፤ ልጃቸውን አጥፍቼ በቦታዋ የተቀመጥኩት እኔ።

በሚቀጥለው ሳምንት ሄድኩ። «ደህና ናት?» አሉኝ።

«ደህና ናት» አልኩ።

አምስት ወር ሙሉ እንዲሁ አልኩ። እሳቸው ቀን ይቆጥራሉ፤ «ሦስት ወር ቀራት፣ ሁለት ወር ቀራት» ይላሉ፤ ልጃቸው ከመንገድ የምትመለስ ነው የሚመስለው። ባልቴቷ ያንኑ ክፍል እንደሚሰጡ ቃል ገቡ፣ ምንጣፋቸውን አሳጠቡ፤ «ኢንሻአላህ እኔም አብሬ እሰማታለሁ፣ አላህ ይርሐማትና» አሉ። እናቷ ጥቁራቸውን ሲያወልቁ የሚለብሱትን ነጭ ቀሚስ አሰፉ። ጥልፉን እኔን አስመረጡኝ። መረጥኩላቸው። አረንጓዴ ነው የመረጥኩት። ክፍል ውስጥ መደመር ተሳስቼ ልጆቹ ያርሙኛል። ያን ሁሉ ጊዜ ግን «ዛሬ እነግራቸዋለሁ» ብዬ ከቤት ያልወጣሁበት ቀን አልነበረም።

የሙት ዓመቷ ደረሰ። ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ፍትሐት ተደረገ፣ ድግሱም ተበላ፣ ከሰዓት እንግዳው ሄደ። እናቷ ነጩን ቀሚስ ለብሰው፣ ብቅ ያለች ሽበታቸውን ቅቤ ተቀብተው፣ በባልቴቷ ክፍል ምንጣፉ ላይ ቁጭ ብለው ጠበቁኝ። ባልቴቷም አጠገባቸው ናቸው። እኔ ባዶ እጄን ገባሁ።

«ቴፑስ?» አሉ።

«እማማ፣ ክሩ ተበላሽቷል።»

«ምን ሆነ?»

መልሱን በመንገድ ላይ አዘጋጅቼዋለሁ። «ተቀምጦ ነው» አልኩ። «ክር ብዙ ሲቀመጥ ድምፁ ይጠፋል። ትናንት ልሞክረው ብል ምንም የለም።»

ይቆጡኛል፣ ይረግሙኛል ብዬ አንገቴን ደፋሁ። እሳቸው ግን ቀስ ብለው «ስንት ጊዜ ሲቀመጥ ነው የሚጠፋው?» አሉ።

«እንጃ... ሰባት ወር፣ ስምንት ወር።»

«እንግዲያ በሣልስቱ ብሰማት ነበረች።»

የቀሚሳቸውን አረንጓዴ ጥልፍ በጣታቸው ዳበሱ።

«ወንድምሽ እኮ እዚህ ድረስ ተሸክሞ አምጥቶልኝ ነበር» አሉ። «እጄን ሰድጄለት ነበር። የሰው አፍ ፈርቼ መለስኩት። አንድ ዓመት ሙሉ ሳጥን ውስጥ ያስቀመጥኳት እኔ ነኛ። እኔ ነኝ ያጠፋኋት።»

ባልቴቷ «ተይ እንጂ፣ የአላህ ነገር ነው» ብለው ትከሻቸውን ያዙ። እኔ ይኸኔ ነበር አይደለም ማለት። አንድ ቃል ነበር የሚበቃው። ጥፋቱ ከእኔ ትከሻ ላይ ሲወርድ ተሰማኝ፣ ማን ላይ እንደወረደም አየሁ፣ ዝም አልኩ። እንዲያውም፣ እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝና፣ ቀለለኝ።

ወንድሜ ማታ ሲሰማ «ክር በመቀመጥ ይበላሻል ያለሽ ማነው?» ብሎ ጮኸብኝ። «በይ ነገ ሄደሽ አፍርሺው።» አላፈረስኩትም። ከዚያ በኋላ ስለዚህ ነገር አንስቶብኝ አያውቅም፤ ግን ሌላ ክር ከድሬዳዋ አምጣልኝ ብለው እንኳ አላመጣልኝም። ያንን ክር እስካሁን አልጣልኩትም። የማጫውትበት ቴፕም የለኝ።

እናቷ ከዚያ ወዲህ ሌላ ሰው ሆኑ። ለቅሶ ቤት ሲሄዱ ሐዘንተኛዋን ጆሮዋ ሥር ይጠጓታል፤ «ድምፁ ያለበት ክር አላችሁ? ካላችሁ አሁኑኑ ስሙት፤ ሲቀመጥ ይጠፋል፣ ሰው ምን ይላል አትበሉ» ይላሉ። በዚያን ዘመን ቴፕ ያለው ስንት ቤት ነው? ሴቶቹ ይተያያሉ፤ ሐዘን አዞራቸው ይላሉ። አንድ ቀን እኔ ባለሁበት እንዲህ ሲሉ ሰማሁ። ነጠላዬን አፌ ላይ አድርጌ ወጣሁ።

ሁዳዴ ገባ። በመጀመሪያው ሳምንት ማለዳ፣ ከትምህርት ቤት በፊት ብቅ ልበል ብዬ ሄድኩ። በሩ ገርበብ ብሏል። እሳቸው ፊታቸውን ወደ ምሥራቅ አዙረው እየሰገዱ ነው። ሲወድቁ በሁለት እጃቸው ወለሉን ይደግፋሉ፣ ሲነሡ ግድግዳውን ይይዛሉ። ጉልበታቸው ሲንቋቋ ከበር ይሰማል። እስኪጨርሱ ልጠብቅ ብዬ ቆምኩ፣ ግን አልጨረሱም፤ መሐል ላይ ቆመው ግራ በተጋባ ዓይን አዩኝ።

«እማማ፣ በዚህ ጉልበትዎ ይህን ያህል ምን ያሰግድዎታል?» አልኳቸው።

«ቀኖና ነው» አሉ። «ለልጄ ድምፅ። ለነፍስ አባቴ ተናዘዝኩ። ይህ ኃጢአት አይደለም ብለውኝ ነበር፤ ኃጢአት ባይሆን እንዲህ አይከብደኝም ነበር አልኳቸው። ሦስት ጊዜ ተመላልሼ ነው የሰጡኝ። ጾሙ እስኪፈታ ከሰንበት በቀር በየቀኑ አርባ።» ከዚያ ግንባራቸውን በነጠላቸው ጠረጉና «ደግ መጣሽ» አሉኝ። «ቁጥሩ እየጠፋብኝ ከመጀመሪያው እጀምራለሁ። ዛሬ ሦስተኛዬ ነው። ሒሳብ አስተማሪ አይደለሽ? ቁጠሪልኝ።»

መደቡ ላይ ተቀመጥኩ። እሳቸው ወደቁ፣ ተነሡ። አንድ አልኩ። ወደቁ፣ ተነሡ፤ ሁለት። አሥር ላይ ቆም ብለው ትንፋሽ ወሰዱ። ሃያ ላይ ልደግፋቸው ብነሣ «ተይ፣ የእኔ ነው» ብለው መለሱኝ። ሃያ ሦስት ላይ ልነግራቸው አፌን ከፈትኩ። ሃያ አራት አልኩ።

አርባ ስል እጄን ይዘው ቀና አሉ። መዳፋቸው ላይ የወለሉ አፈር ነበረ። «እግዜር ይስጥሽ ልጄ» አሉኝ፤ «ነገም ነይልኝ።»

እስከ ፋሲካ በየማለዳው እየሄድኩ ቆጠርኩላቸው።